ለጉግስ የቀጥታ ስርጭት ሙዚቃ አሠራር

ለፊልም ሲሠራ ምስሉ ተቆርጦ ያለቀ ነው፤ ሙዚቃው በልኩ ይሰፋለታል። ደብረ ብርሃን ላይ የፈረስ ጉግስ በቀጥታ ሲተላለፍ ግን ፈረሰኛው ይዘገያል፣ የክብር እንግዳው ንግግሩን ያረዝማል። ስለዚህ የትም ቢቆረጥ የማያሳፍር፣ ቢረዝምም የማይሰለች ሙዚቃ ያስፈልጋል።

አስቀድማችሁ የፕሮግራሙን ቅደም ተከተል ከዳይሬክተሩ ተቀበሉ። አብዛኛውን ጊዜ የ30 ሰከንድ መክፈቻ፣ ከ3 እስከ 5 ሰከንድ የሚሆኑ መሸጋገሪያዎች፣ ከንግግር ስር የሚሄድ ማጀቢያና ለሽልማት ሞቅ ያለ ዜማ ይበቃል። ለመዝጊያው መክፈቻው ይደገማል።

ቴምፖውን (የምቱን ፍጥነት) በሰዓት አስሉት። ቺክቺካ የሚባለው ምት በ6/8 ሲጻፍ በአንድ ባር (እየተደጋገመ በሚመጣው አንድ የምት ክፍል) ሁለት ዋና ምት አለው። በደቂቃ 96 ምት ከያዛችሁ አንዱ ባር 1.25 ሰከንድ ይፈጃል፤ 8 ባር ልክ 10 ሰከንድ፣ 24 ባር ልክ 30 ሰከንድ ነው። በ100 ምት ግን 8 ባር 9.6 ሰከንድ ስለሚሆን ዜማው 10 ሰከንዱ ሳይሞላ ያልቃል።

ማጀቢያው በየ8 ባሩ ወደ ቅኝቱ መነሻ ድምፅ ይመለስ። ከሱ ጋር የ2 ሰከንድ ማሳረፊያ ለብቻው ቅዱ። ዳይሬክተሩ «ጨርስ» ሲል ቴክኒሻኑ ሉፑን (እየተደጋገመ የሚሄደውን ማጀቢያ) ዝቅ አድርጎ ማሳረፊያውን ይለቃል። ድምፁን ዝም ብሎ መቀነስ ግን መብራት የጠፋ ያስመስላል። ሁሉንም ክፍል በአንድ ቅኝትና በአንድ መነሻ ድምፅ ሥሩ፤ ከትዝታ ቅኝት በድንገት ወደ አንቺ ሆዬ ቅኝት መዝለል ጆሮ ይሰብራል።

ከንግግር ስር ማሲንቆ አታስገቡ። የሰው ድምፅ ያለበትን ክልል ስለሚሻማ ሁለት ሰው አንድ ላይ የሚያወራ ይመስላል። ቤዝ፣ ቀስ ያለ ክራርና ለስላሳ ከበሮ ይበቃል። ከበሮ፣ ቤዝ፣ ክራርና መሪ ዜማ በየራሳቸው ፋይል ይሰጡ፤ ቴክኒሻኑ ያልፈለገውን ይዘጋል።

በተቀዳው ሙዚቃ ላይ በቦታው ዋሽንት የሚነፋ ካለ ትልቁ ጣጣ ብርዱ ነው። ዋሽንት የሚቃኝ መሣሪያ አይደለም፤ የሚነፋውን ዋሽንት ቀድማችሁ በቲዩነር (በድምፅ መቃኛ መሣሪያ) ለኩና መነሻ ድምፁን ከሱ ውሰዱ። ከዚያ ደግሞ ስቱዲዮ ውስጥ በ20 ዲግሪ የተለካው ዋሽንት ጥቅምትና ኅዳር ጠዋት በ5 ዲግሪ ሲነፋ፣ ትንፋሽ ቢያሞቀውም፣ እስከ 40 ሴንት (ሴንት የግማሽ ድምፅ መቶኛ ነው) ሊወርድ ይችላል። በቦታው የሚመታ የብረት ክር ያለው ክራር ካለ በአንጻሩ በብርድ ይወጠርና ድምፁ ይወጣል። ሁለቱ በተቃራኒ አቅጣጫ ሲሄዱ የተቀዳው መሃል ላይ ይቀራል። ዋሽንቱ እስከ መድረክ ጋቢ ውስጥ ይቆይ፤ ተጫዋቹ 10 ደቂቃ ይንፋ፤ እንደገና ለኩና የተቀዳውን በሴንት አስተካክሉ። ክራሩ ወደ ዋሽንቱ ይቃኝ እንጂ ዋሽንቱ ወደ ክራሩ አይመጣም።

ግልቢያው ሲጀመር ሙዚቃ አቁሙ፤ የኮቴው ድምፅ ይበልጣል። ሽለላና ፉከራ ነጻ ምት ስለሆኑ ከስራቸው ከበሮ አታስኪዱ። ዝግጅቱ ከጥምቀት ጋር ከሆነ ታቦት ሲያልፍ ማጀቢያ ፈጽሞ አይለቀቅም።

ፋይሉ ዋቭ፣ 48 ኪሎኸርዝ፣ 24 ቢት ይሁን። የድምፁን ልክ ጣቢያውን ጠይቁ፤ የአውሮፓ ስርጭት ደረጃ የሆነው አር 128 የሚጠይቀው −23 ሉፍስ (የድምፅ ጉልህነት መለኪያ) ነው። ሚክሱን በሞኖ በስልክ ስፒከር ስሙት፤ በስቴሪዮ ሰፍቶ የነበረ ሲንት (የኤሌክትሮኒክ ኪቦርድ ድምፅ) እዚያ ከጠፋ አጥብቡት። ሙዚቃውን በሁለት ላፕቶፕ ጫኑ፤ ጄነሬተር ሲቀየር እንዳይቋረጥ አንዱ በባትሪ ይሥራ።