ሸለቆውን የጠረበው ወንዝ ነው ወይስ የበረዶ ግግር? እንዲህ ትለያላችሁ

ጅማ ቁጭ ብላችሁ በስልካችሁ መለየት ትችላላችሁ። መጀመሪያ የምታውቁትን አስቡ። ወደ አዲስ አበባ ስንሄድ መኪናው እየተጠማዘዘ ወርዶ፣ ግቤን ተሻግሮ እንደገና ሽቅብ የሚወጣበት ያ ሞቃት ሸለቆ የወንዝ ሥራ ነው። ወንዝ ወደ ታች ይቆርጣል፤ ሸለቆውም ወደ ታች እየጠበበ ይሄዳል።

አሁን ጉግል ኧርዝ ከፍታችሁ ስዊዘርላንድ ውስጥ ላውተርብሩነንን ፈልጉ። ምስሉን አዘንብሉት፣ ከላይ ብቻ ካያችሁት ምንም አይገባችሁም። ወለሉ ሰፊ ሜዳ ነው፣ ግድግዳው ቀጥ ያለ ገደል። የበረዶ ግግሩ፣ ማለትም ቀስ እያለ ቁልቁል የሚንሸራተተው ግዙፍ በረዶ፣ ወለሉንም ጎኑንም ፍቆ ስለሄደ ነው። ከገደሉ የሚወረወሩትን ፏፏቴዎችም እዩ፤ ሽታውብባኽ የሚባለው 300 ሜትር ገደማ ነው።

ከዚያ ቤቶቹን ተከተሉ፤ እኔ በጣም የምወደው ይሄን ነው። አንዱ መንደር ወለሉ ላይ ተዘርግቷል። ቬንገንና ሙረን ደግሞ ከገደሉ በላይ ናቸው፣ በ1,274 እና በ1,638 ሜትር። ጅማ ራሷ ከ1,700 ሜትር በላይ ስለሆነች ከፍታው ለእኛ ብርቅ አይደለም፤ የሚገርመው ሰዉ በባቡርና በገመድ በሚጎተት መኪና እየወጣ እየወረደ መኖሩ ነው። ላሞቹም በሞቃቱ ወራት ወደ ላይኛው ግጦሽ ይነዳሉ።

የድሮ ግግር አሻራ እዚሁ አገራችን ማየት ካማራችሁ፣ ባሌ ተራሮች ላይ ሳነቴን ፈልጉ።