ኮኖፊተምን ለይቶ ማወቅና ማሳደግ

ኮኖፊተም በአይዞኤሴዬ ቤተሰብ ውስጥ ከሚመደቡት ውሃ ቋጣሪ ተክሎች መካከል እጅግ ድንክ ከሆኑት አንዱ ነው። ዋነኛ መኖሪያው በደቡብ አፍሪካ ምዕራባዊ ክፍል የሚገኙት ናማኳላንድና ሪክተርስቬልድ እንዲሁም የናሚቢያ ደቡባዊ ጫፍ ሲሆን፣ እዚያም በነጭ ኳርትዝ ጠጠር መካከልና በዓለት ስንጥቅ ውስጥ ይበቅላል። በዚያ አገር ዝናቡ በአብዛኛው የሚጥለው አየሩ በሚቀዘቅዝበት፣ ከግንቦት እስከ ነሐሴ ባለው ጊዜ ነው፤ ሞቃታማውን ወራት ግን ተክሉ ያለ ውሃ አርፎ ያሳልፋል። ይህን የዕረፍት ልማዱን የተረዳ ሰው የአያያዙን ዋና ነገር ይዟል ማለት ይቻላል።

እያንዳንዱ ራስ እርስ በርስ የተጣበቁ ሁለት ቅጠሎች ሲሆኑ፣ መጠኑ ከጥቂት ሚሊ ሜትር እስከ አምስት ሴንቲ ሜትር ገደማ ይደርሳል። ብዙ ሰዎች የሚያምታቱት የቅርብ ዘመዱ ከሆነው ከሊቶፕስ ጋር ነው። በሊቶፕስ ላይ ሁለቱን ቅጠሎች የሚለየው ስንጥቅ የራሱን አናት ከዳር እስከ ዳር ያቋርጣል፤ በአብዛኞቹ ኮኖፊተሞች ላይ ግን መሐል ላይ ያለች አጭር ክፍተት ብቻ ናት። ይህ ምልክት ሁልጊዜ አያስተማምንም፤ ኮኖፊተም ቢሎበም ለምሳሌ አናቱ በግልጽ ለሁለት የተከፈለ ነው። አበባው ግን አያሳስትም፦ የኮኖፊተም የአበባ ቅጠሎች ከሥራቸው ተያይዘው ቀጭን ቱቦ ይሠራሉ፣ የሊቶፕስ ግን እያንዳንዳቸው የተለያዩ ናቸው። ሁለቱ ቅጠሎች በመጠን ጎልተው የሚበላለጡ ከሆነ ደግሞ በእጅዎ ያለው ተክል ጊቤየም የተባለው ሌላ ዘመዱ ሊሆን ይችላል። በወገኑ ውስጥ ያሉትን ዝርያዎች ለመለየት የተክሉ ራስ ቅርጽ፣ የነጠብጣቡ አቀማመጥና የአበባው ሰዓት ይረዳሉ፤ በቀን የሚያብቡት ብዙውን ጊዜ ሮዝ ወይም ቢጫ ሲሆኑ፣ በሌሊት ከሚከፈቱት ብዙዎቹ ፈዘዝ ያለ ቀለምና ጥሩ መዓዛ አላቸው።

ዕረፍቱ ሲቃረብ ራሱ ቀስ በቀስ ይሸበሸባል፣ ቀለሙ ይጠፋል፣ በመጨረሻም እንደ ሽንኩርት ገለፈት የደረቀ ቡናማ ሽፋን ይሆናል። ከላይ ሲታይ የሞተ ይመስላል፤ በዚህ ጊዜ በርኅራኄ የሚፈስስ ውሃ ብዙ ተክል ገድሏል። በሽፋኑ ውስጥ ግን አዲሱ ራስ የአሮጌውን ቅጠል እርጥበት እየመጠጠ ይዘጋጃል፤ ሽፋኑም ከፀሐይ ስለሚከልለው ያለጊዜው መላጥ የለበትም። ዕድገት ሲጀምር አዲሱ ራስ ራሱ ቀድዶት ይወጣል። አንዳንዴ ከአንድ ሽፋን ሁለትና ከዚያ በላይ ራሶች ስለሚወጡ፣ ተክሉ ከዓመት ዓመት እየተጠጋጋ ትንሽ ጉብታ ይሠራል።

ከምድር ወገብ በስተሰሜን ዑደቱ ስለሚገለበጥ፣ ተክሉ ከመስከረም እስከ ሚያዝያ ያድጋል፣ ከዚያም ያርፋል። ይህ ለኢትዮጵያ ደጋ ነዋሪ ትልቅ ትርጉም አለው፤ የክረምቱ ዝናብ የሚወርደው ልክ ተክሉ ውሃ በማይፈልግበት ወቅት ነውና። ስለዚህ ብርሃን በሚያስገባ ጣሪያ ሥር ወይም በበረንዳ ላይ መቀመጥ አለበት፤ ሜዳ ላይ የተተወ ማሰሮ ይበሰብሳል። በዕድገት ወራት አፈሩን በደንብ አርሶ፣ ሙሉ በሙሉ እስኪደርቅ መጠበቅ ነው። በዕረፍት ጊዜ መጠነኛ መሸብሸብ ጤናማ ነው፤ ሲነካ የሚሟሟና ውሃ የቋጠረ የሚመስል ራስ ግን በስብሷል፣ ወዲያው ተቆርጦ ይውጣ።

አፈሩ ከግማሽ በላይ ጠጠር ይሁን። ብሎኬት አምራቾች የሚጠቀሙበት ፑሚስ የተባለው ቀላል የእሳተ ገሞራ ድንጋይ በወንፊት ተነፍቶ ዱቄቱ ከተለየ በጣም ተስማሚ ነው። ብርሃን በብዛት ይፈልጋል፤ ከመስኮት ጀርባ ያለ የእኩለ ቀን ፀሐይ ግን በሞቃት ወራት ያቃጥለዋል። በአውሮፓና በሰሜን አሜሪካ የምትኖሩ ከውርጭ ጠብቁት። ማሰሮ ስትለውጡ ሥሩን ተመልከቱ፤ ነጭ ጥጥ የሚመስል ነገር ካለ ሥር መጣጭ ተባይ ነው፣ ታጥቦ አዲስ አፈር ይሰጠው።

ከማን እንደሚገዛ መጠንቀቅ ግዴታ ነው እላለሁ። ከ2019 እ.ኤ.አ. ወዲህ በደቡብ አፍሪካ ከዱር በሕገ ወጥ መንገድ የተነቀሉ፣ በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ ውሃ ቋጣሪ ተክሎች ተይዘዋል፤ ኮኖፊተም ከመካከላቸው በብዛት የሚፈለገው ነው። አንዳንድ ዝርያዎች በአንድ ኮረብታ ላይ ብቻ ስለሚገኙ፣ ጥቂት ዘራፊዎች በአንድ ቀን ሊያጠፏቸው ይችላሉ። ጠባሳ የበዛበት፣ ሥሩ የተቆራረጠና ዕድሜው የገፋ ጉብታ ሻጩ ከየት እንዳመጣው ማስረዳት ካልቻለ አይገዛ።

በዘር ማሳደግ ከሁሉም የተሻለ ነው። ደረቁ ፍሬ ውሃ ሲነካው ስለሚከፈት፣ ዘሩን በጥቂት ጠብታ ማስለቀቅ ይቻላል። እንደ ትቢያ የደቀቀ ስለሆነ ሳይሸፈን በደቃቅ ጠጠር ላይ ይበተን፣ ማሰሮው ከሥር ውሃ ይጠጣ፣ አናቱ በብርሃን አሳላፊ ላስቲክ ይከደን። የመስከረምና የጥቅምት ቀዝቃዛ ሌሊቶች ለመብቀል ያግዙታል። ችግኞቹ መታየት ሲጀምሩ ላስቲኩ በየቀኑ ጥቂት ጥቂት እየተገለጠ ይነሳ፤ በመጀመሪያው ዓመት ሥራቸው አጭር ስለሆነ፣ በዕረፍት ወራትም ቢሆን አልፎ አልፎ ምሽት ላይ ቀለል ያለ ርጭት ያስፈልጋቸዋል።