የ«ስፓርታከስ»ን የመጨረሻ ምዕራፍ ከታሪኩ ጋር እያገናዘቡ ለመመልከት

ከደብረ ማርቆስ እስከ ባሕር ዳር በጥንቷ ሮማ የባሪያዎችን አመፅ የመራውን የስፓርታከስን ተከታታይ ድራማ በፍላሽ እየተቀባበሉ ያዩ ወጣቶች ጥቂት አይደሉም። «ዋር ኦፍ ዘ ዳምድ» የተሰኘው የመጨረሻው ምዕራፍ በ2013 እ.ኤ.አ. (2005 ዓ.ም.) በስታርዝ ቴሌቪዥን የቀረበ ሲሆን ዐሥር ክፍሎች አሉት። በእኔ ግምት ይህ ምዕራፍ ከቀደሙት የሚልቀው ሮማዊውን የጦር መሪ ማርከስ ክራሰስን የስፓርታከስ እኩያ አድርጎ በማቅረቡ ነው፤ ስለዚህ የሰይፍ ፍልሚያውን ብቻ ከማየት ይልቅ የሁለት ዕቅዶችን ግጥሚያ እየተከታተሉ መመልከት ይበጃል።

በቅድሚያ አብሮ የሚያየውን ሰው መምረጥ ያስፈልጋል። እርቃንና ጭካኔ የበዛበት ድራማ ስለሆነ አያትና የልጅ ልጅ በአንድነት በሚቀመጡበት ሳሎን የሚከፈት አይደለም፤ ዐቢይ ጾም በጥብቅ በሚከበርበት ቤትም ከፋሲካ በኋላ ማቆየቱ ይሻላል። በአንድ ምሽት ሁለት ክፍል ማየት በቂ ነው።

የቀደሙትን ምዕራፎች ያላየ ሰው ቢያንስ የአመፁን መነሻ ይወቅ። በ73 ከክርስቶስ ልደት በፊት ስፓርታከስን ጨምሮ ሰባ ያህል ግላዲያተሮች (ለሕዝብ ትዕይንት በሰይፍ የሚፋለሙ ባሪያዎች) በካፑዋ ከነበረው የባቲያተስ ማሠልጠኛ አምልጠው ቬሱቪየስ ተራራ ላይ ሸፈቱ፤ ሮማውያን ብቸኛውን መውጫ ሲዘጉባቸው ከሐረግ በሠሩት መሰላል በገደሉ ወርደው ከበባውን ሰበሩ። የመጀመሪያው ምዕራፍ መሪ ተዋናይ አንዲ ዊትፊልድ በ2011 እ.ኤ.አ. በካንሰር በማረፉ ቦታውን ሊያም ማኪንታየር እንደተካም ማወቅ ግራ ከመጋባት ያድናል።

ቀጥሎ የጣሊያንን ካርታ በወረቀት ላይ መንደፍ ነው። ካፑዋን፣ ሮማን፣ በምሥራቅ የጋርጋነስን ተራራ፣ በሰሜን የአልፕስን ተራሮች፣ በደቡብ ደግሞ ወደ ሲሲሊ የሚያመራውን የምድሪቱን ጫፍ ማመልከት ይበቃል። ድራማው ቦታዎችን ቶሎ ቶሎ ስለሚቀያይር፣ ካርታ የሌለው ተመልካች አማፂዎቹ ለምን እንደተጨነቁ አይገባውም።

ዋናው ሥራ የተፈጠረውን ከተዘገበው መለየት ነው። በድራማው አማፂዎቹ የሚይዟት ከተማ ሲኑዌሳ ናት፤ የጥንቱ ታሪክ ጸሐፊ አፒያን የሚነግረን ግን ቱሪ የተባለችውን የደቡብ ጣሊያን ከተማ እንደያዙ ነው። ወጣቱ ጁሊየስ ቄሳር ሰላይ ሆኖ ሲገባ እናያለን፤ የጥንት ጸሐፊዎች በዚህ ጦርነት ውስጥ አያነሱትም። የክራሰስ ልጆች ማርከስና ፑብሊየስ ሲሆኑ፣ ጢባርዮስ የሚባለው የደራሲዎቹ ፈጠራ ነው። የስፓርታከስ ጓድ የሆነው የአማፂዎቹ መሪ የክሪክሰስ ሞት ደግሞ ጊዜው ተዛውሯል፤ በታሪክ የሞተው ክራሰስ ጦሩን ከመረከቡ በፊት በጋርጋነስ አጠገብ ሲሆን፣ በድራማው ግን ቀጥሎ ከማነሣው ክራሰስ ካሠራው ግንብ ውጊያ በኋላ ነው። ይህ መዛወር ለትረካው ጠቅሟል ብል አላጋነንኩም፤ የሁለቱ ጓዶች መለያየት የምዕራፉን መጨረሻ አክብዶታል። በአንጻሩ ከፈሪ ወታደሮች መካከል ከዐሥር አንዱን በዕጣ እየለዩ መግደል የክራሰስ እውነተኛ ድርጊት ነው።

የግንቡን ክፍል ደግሞ ማየት ይገባል። ወደ ሲሲሊ ሊያሻግሩት የተስማሙት የባሕር ወንበዴዎች ስፓርታከስን ከከዱት በኋላ ክራሰስ የደቡቡን ጫፍ ከባሕር እስከ ባሕር በቦይና በግንብ ዘጋው፤ ሌላው የጥንት ጸሐፊ ፕሉታርክ ርዝመቱን 300 ስታዲያ ይለዋል፣ ይህም ወደ 55 ኪሎ ሜትር ይሆናል። ስፓርታከስ በረዶ በሚጥልበት ሌሊት የቦዩን ከፊል በአፈርና በቅርንጫፍ ሞልቶ አለፈ፤ ድራማው አሞላሉን እጅግ በሚዘገንን መንገድ ያሳየዋል። እዚህ ላይ የጎጃም ልጆች በላይ ዘለቀን ማንሳታቸው አይቀርም፣ ቢያነሱም ደግ ነው፤ ነገር ግን ልዩነቱን አብሮ ማስረዳት ያሻል። በላይ በጣሊያን ወረራ ዘመን የተዋጋው በገዛ አገሩ፣ ገደሉንና ሸለቆውን ከሚያውቅ፣ ስንቅም ከሚያቀብል ሕዝብ መካከል ሆኖ ነው። ስፓርታከስ ግን ከትሬስ (በዛሬዋ ቡልጋሪያ አካባቢ ካለ ምድር) የመጣ ባዕድ ነበር፤ ብዙዎቹ ተከታዮቹም አገራቸው ከአልፕስ ማዶ ስለነበር በጠላት ምድር እየዘረፉ ከመኖር ሌላ ምርጫ አልነበራቸውም።

የመጨረሻውን ክፍል ሲያዩ ሦስት ነገር ያስተውሉ። አፒያን የስፓርታከስ አስከሬን እንዳልተገኘ ጽፏል፤ ደራሲዎቹም ይህንን በጥበብ ተጠቅመውበታል። በድራማው በመስቀል ላይ የሚሞተው ሌላው የአማፂዎች መሪ ጋኒከስ በታሪክ ከመጨረሻው ውጊያ አስቀድሞ የተገደለ ነው፤ ከካፑዋ እስከ ሮማ በአፒያ መንገድ ዳር 6,000 ምርኮኞች መሰቀላቸው ግን እውነት ነው። ሌላው ሮማዊ የጦር መሪ ፖምፔ የሸሹትን ጨፍጭፎ የድሉን ክብር ሲሻማ የሚታየውም በታሪክ የተመዘገበ ነው፤ እርሱና ክራሰስ በ70 ከክርስቶስ ልደት በፊት አብረው ቆንስል (የሮማ ከፍተኛ ሹም) ሆነዋል።