የረዳት ተዋናይን ታሪክ ስንጽፍ የምንሳሳተው የት ላይ ነው?

ዊሊያም ፍሮሊን በስሙ የሚያስታውሰው ጥቂት ሰው ነው። ሱሪውን ወደ ላይ ስቦ የሚታጠቀው፣ ሳንቲም የሚቆጥረው ራሰ በራ ቤት አከራይ ፍሬድ ሜርትዝ ቢባል ግን «አይ ላቭ ሉሲ» የተባለውን የአሜሪካ የቴሌቪዥን አስቂኝ ተከታታይ ድራማ ያየ ሁሉ ያውቀዋል። እንዲህ ያሉ ተዋናዮችን ታሪክ ስናነብም ስንጽፍም ደጋግመን የምንሳሳትባቸው ነገሮች አሉ፤ የእሱ ሕይወት ጥሩ አድርጎ ያሳየናል።

ከሁሉ የከፋው ስህተት ታሪኩን ከቴሌቪዥን መጀመር ነው። ፍሮሊ እ.ኤ.አ. በ1887 አዮዋ ውስጥ ተወለደ፤ ተከታታይ ድራማው በ1951 ሲጀምር 64 ዓመቱ ነበር። ከዚያ በፊት ዘፈን፣ ጭፈራና ቀልድ በሚፈራረቁበት ቮድቪል በሚባለው መድረክ ሲሠራ ኖሯል፤ በሆሊውድም በብዙ ፊልሞች ላይ አነስተኛ ሚናዎችን ተጫውቷል። ይህ ካልተነገረ ችሎታው ከየት እንደመጣ አይገባንም። «አይ ላቭ ሉሲ» በሦስት ካሜራ፣ ተመልካች ፊት ነበር የሚቀረጸው። ሳቅ ሲነሣ አፍን ዘግቶ መጠበቅ፣ ሳቁ ጨርሶ ሳይበርድ ቀጣዩን ቃል ጣል ማድረግ ከሕዝብ ፊት ቆሞ የሚለመድ ሙያ ነው። እኔ ትዕይንቶቹን ደግሜ ሳይ ዓይኔ የሚያርፈው እሱ ዝም ባለበት ቅጽበት ላይ ነው።

ዘመኑን ስትጽፉ «እ.ኤ.አ.» የምትለዋን አትርሱ። ኦክቶበር 1951 በእኛ 1944 ዓ.ም. ነው፤ ካልለያችሁት ዕድሜው ሁሉ ይዛባል።

ሌላው፣ ሰውየውን በመጠጡ ብቻ መጻፍ ነው። ድራማውን ያሰራጭ የነበረው የሲቢኤስ ቴሌቪዥን ኃላፊዎች በዚሁ ምክንያት ፈርተውት እንደነበር እውነት ነው። የድራማው ፕሮዲዩሰርና ተዋናይ ዴሲ አርናዝ ግን በመጠጥ ምክንያት ሥራ ካስተጓጎለ እንደሚሰናበት አስጠንቅቆ ቀጠረው፤ ፍሮሊም ድራማው እስከተቋጨበት እስከ 1957 ድረስ ቃሉን ጠበቀ። ሐሜቱን ጽፎ ይህን መተው ግፍ ነው።

በመድረክ ባልና ሚስት የሆኑት በውጭም ይዋደዳሉ ብሎ መገመትም ያሳስታል። የፍሬድን ሚስት ኤትልን የተጫወተችው ቪቪያን ቫንስ በዕድሜ 22 ዓመት ታንሰው ነበር፤ ሁለቱም አይስማሙም ነበር። ካሜራው ሲበራ ግን የቆዩ ባልና ሚስት ይሆናሉ።

ሽልማት ቆጥሮ መፍረድስ? ለኤሚ፣ ማለትም ለአሜሪካ የቴሌቪዥን ሽልማት፣ አምስት ጊዜ ታጭቶ አንድም ጊዜ አላሸነፈም። እኔ የምቆጥረው ሌላ ነገር ነው፦ በ1960 «ማይ ስሪ ሰንስ» በተባለ የቴሌቪዥን ድራማ የልጆቹ አያት ሆኖ እንደገና ሥራ ጀመረ፤ ጤናው በመዳከሙ ኢንሹራንስ ሊገባለት ስላልተቻለ በ1965 ሚናውን ለመልቀቅ ተገደደ። በዚያው ዓመት የ«አይ ላቭ ሉሲ» ዋና ተዋናይት በነበረችው በሉሲል ቦል አዲስ ድራማ ላይ ለጥቂት ደቂቃ ብቅ አለ። በማርች 1966 በ79 ዓመቱ አረፈ።