በብሎክ ደረጃ ኮምፖስት እንዴት እንደሚሠራ

የምኖረው ቂሊንጦ ኮንዶሚኒየም ነው። የእኛ ብሎክ ነዋሪዎች የወጥ ቤት ቆሻሻችንን በጋራ አበስብሰን ኮምፖስት፣ ማለትም የተፈጥሮ ማዳበሪያ፣ ማድረግ ከጀመርን ሦስት ዓመት ሊሞላን ነው። የመጀመሪያው ሙከራ ጨርሶ ተበላሸብን። ሁለተኛው ብዙ ለፍተንበት ተሳካልን። አሁን ከሌላ ብሎክ እየመጡ እንዴት እንደሠራነው የሚጠይቁን ስለበዙ፣ ያየነውን በጽሑፍ ላስቀምጠው ብዬ ነው።

ከአዲስ አበባ ቤቶች ከሚወጣው ቆሻሻ ከግማሽ በላዩ የሚበሰብስ ነው። የሽንኩርት ልጣጭ፣ የጎመን ግንድ፣ የድንች ልጣጭ፣ የቡና አተላ። ይሄ ሁሉ ከፌስታልና ከፕላስቲክ ጋር ተደባልቆ ረጲ ወዳለው የከተማዋ ቆሻሻ መጣያ፣ ቆሼ ይሄዳል። መጋቢት 2 ቀን 2009 ዓ.ም. እዚያ ክምሩ ተንዶ ከ110 በላይ ሰው አልቋል። ያንን ቀን ሳስብ ዛሬም ሆዴ ይባባል። በ2010 ዓ.ም. እዚያው አጠገብ ከቆሻሻ ኤሌክትሪክ የሚያመነጭ ጣቢያ ተመርቋል፤ እርጥብ ልጣጭ ግን ለማቃጠል አይመችም። ውሃው እስኪተን ድረስ ሙቀቱን ይበላዋል። ገንዳ ሞልቶ ቦይ ውስጥ የሚጣለውን ደግሞ የክረምት ጎርፍ ጠርጎ አቃቂ ወንዝ ይከተዋል፤ ከዚያም አባ ሳሙኤል ሐይቅ ድረስ ይሄዳል። ልጣጩን እዚሁ ብናስቀረው ለሁሉም ይቀላል።

መጀመሪያ መነጋገር

ከብሎኩ ኮሚቴ ፈቃድ ውሰዱ፣ ቃለ ጉባኤ ላይም ይስፈር። ኮምፖስቱ ሲደርስ ማን ስንት እንደሚወስድም በዚያው ይጻፍ። ኋላ ላይ ከሚመጣ ቅሬታ ያድናችኋል።

ከኮሚቴው በፊት ግን ቆሻሻ የሚያነሱልንን ልጆች አናግሩ። በማኅበር ተደራጅተው የሚሠሩ ናቸው። ገቢያቸው ከሚያነሱት ቆሻሻ ጋር የተያያዘ ስለሆነ፣ እንጀራችን ሊነካ ነው ብለው ቢሰጉ አይፈረድባቸውም። እኛ የተስማማነው እንዲህ ነው፦ ካርቶኑንና የፕላስቲክ ጠርሙሱን ንጹሕ አድርገን ለብቻው እናስቀምጥላቸዋለን። በልጣጭ ያልተጨማለቀ ጠርሙስ ለመሸጥ ይመቻል። ዛሬ ከመካከላቸው ሁለቱ ክምሩን የሚያገላብጡልን ናቸው፤ ለዚህም ከየቤቱ ትንሽ ትንሽ አዋጥተን እንከፍላቸዋለን።

ቦታ

የመጀመሪያው ሙከራችን የተበላሸው እዚህ ላይ ነው። ሰኔ ውስጥ አንድ ሜትር ጥልቀት ያለው ጉድጓድ ቆፈርን። አፈሩ መረሬ ነው። መረሬ ደግሞ አንዴ ውሃ ከጠጣ አያሳልፍም። ሐምሌ ሲገባ ጉድጓዱ ኩሬ ሆነ። ልጣጩ አየር አጥቶ ገማ፣ ዝንቡ አንደኛ ፎቅ ያሉ ጎረቤቶችን መስኮት እንዳይከፍቱ አደረጋቸው። በነሐሴ ኮሚቴው አስደፈነው። ትክክል ነበሩ። የሁለት ወር ልፋት ብቻ ሳይሆን የጎረቤት እምነትም አብሮ ሄደ፤ እሱን ለመመለስ ዓመት ፈጀብን።

ስለዚህ በእንዲህ ዓይነት ጥቁር አፈር ላይ አትቆፍሩ። ከመሬት በላይ ሥሩት። ጎርፍ የማይሄድበት፣ ከመስኮት ራቅ ያለ፣ ትንሽ ጥላ ያለው ቦታ ይበቃል።

ዕቃ

ከፓሌት ወይም ከአጣና የተሠሩ፣ ወርዳቸውም ቁመታቸውም አንድ አንድ ሜትር የሆኑ ሦስት ሳጥኖች። እንጨቱ መካከል ክፍተት ይኑር። ቆርቆሮ ለክዳን፣ መንሽ፣ አካፋ፣ የቀለም ባልዲዎች፣ ወፍራም ጓንት፣ አንድ ሜትር ተኩል የሚሆን ፌሮ። በቃ። የፕላስቲክ በርሜል ግዙ የሚል ሰው አይጠፋም፤ ውድ ነው፣ አየርም አያስገባም። በጠርሙስ የሚሸጥ የመበስበስ ማፍጠኛም አያስፈልጋችሁም። አንድ አካፋ የበሰለ ኮምፖስት ወይም እበት ያንኑ ሥራ ይሠራል።

ልጣጩን ከቤት ጀምሮ መለየት

ከሁሉም ከባዱ ይሄ ነው። እኛም ቶሎ አልገባንም።

በሁለተኛው ሙከራ ስብሰባ ጠርተን አስረዳን። ሁሉም ተስማማ። በማግስቱ ለልጣጭ ባስቀመጥነው የጋራ ባልዲ ውስጥ ዳይፐር፣ የተቋጠረ ፌስታልና የተሰበረ ብርጭቆ አገኘን። ሁለት ወር ሙሉ እየለቀምን ሠራን። አንድ ቀን ጓንት ሳላደርግ ስለቅም ብርጭቆው መዳፌን ቆርጦኝ ተሰፋሁ። እባካችሁ ባዶ እጃችሁን ባልዲ ውስጥ አታስገቡ።

ቁጭ ብለን ስናስበው ችግሩ ግልጽ ነበር። ስብሰባ ላይ የተገኙት አብዛኞቹ አባወራዎች ናቸው። ቆሻሻውን የሚያወጡት ግን እናቶች፣ የቤት ሠራተኞችና ልጆች ናቸው። ለእነሱ ማንም ምንም አልነገራቸውም። አንዲት የቤት ሠራተኛ፣ «እኔ እኮ ባልዲው የመጣው ገንዳው ስለሞላ መስሎኝ ነው» አለችኝ። ምን ጥፋት አለባት?

ከዚያ ቅዳሜ ከሰዓት ደረጃው ሥር ቡና አፈላን። ሠራተኞቹ እንዲመጡ አሠሪዎቻቸውን ለምነን ነው። ባልዲውን መሐል አስቀምጠን፣ እያንዳንዱን ነገር በእጃችን እያነሳን ይገባል፣ አይገባም አልን። ሦስተኛ ፎቅ የሚኖሩ አንድ እናት፣ «እንጀራስ?» ብለው ጠየቁ። መልሱን ራሳቸው ሰጡት። እንጀራ አይጣልም፣ ነውር ነው፤ ይደርቅና ድርቆሽ ይሆናል። ሁሉም ተቀበለው። የእኔ የአንድ ሰዓት ማብራሪያ ያልሠራውን እሳቸው በአንድ ቃል ጨረሱት። ሕጉ ከሰው የራሱ ልማድ ጋር ሲገጥም ይያዛል።

ቀጥሎ ለሦስት ሳምንት ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል እስከ 2 ሰዓት አንድ ሰው ባልዲው አጠገብ ቆመ። በተራ ነው። ሥራው ሰላም ማለትና ሲገለበጥ ማየት ነው። ፌስታል ከመጣ፣ «እዚህ ጋ ገልብጠሽው ፌስታሉን ይዘሽው ሂጂ» ይላል እንጂ አይቆጣም። አንዴ በሰው ፊት የተቆጣችኋት ልጅ ከዚያ በኋላ ማታ ተደብቃ ነው የምትጥለው። ከሦስት ሳምንት በኋላ በሳምንት ሁለት ቀን መቆም በቃን። ይህቺን ደረጃ ለመዝለል የሞከረ ብሎክ አውቃለሁ፤ ባልዲው በወሩ ገንዳ ሆነ።

የሚገባው፦ ማንኛውም የአትክልትና የፍራፍሬ ልጣጭ፣ የቡናና የሻይ አተላ፣ የእንቁላል ቅርፊት፣ ገረባ። የማይገባው፦ ሥጋ፣ አጥንት፣ ወጥ፣ ዘይት። አይጥና ውሻ ይጠራል። እኛ ሰፈር ጅብም አለ። አንድ ፋሲካ የዶሮ ሆድ ዕቃ ገብቶ፣ ጠዋት ስንነሳ ክምሩ ግቢውን ሞልቶ አገኘነው። አሁን ከበዓል ዋዜማ እስከ ማግስቱ ባልዲውን እናነሳለን።

መከመርና ማገላበጥ

ከታች አንድ ስንዝር ጭራሮ ጎዝጉዙ። ከዚያ ለአንድ ባልዲ እርጥብ ሁለት ወይም ሦስት ባልዲ ደረቅ ነገር ጨምሩ። ሁልጊዜ ከላይ የሚሆነው ደረቁ ነው፤ ዝንብ የሚመጣው ልጣጩ ሲታይ ነው። ደረቅ የምንለው ቅጠል፣ የጤፍ ጭድ፣ የተቀዳደደ ካርቶን፣ ሰጋቱራ ነው። ሰጋቱራው ቀለም ወይም ሙጫ ከነካው እንጨት አይሁን። የባሕር ዛፍ ቅጠል አታብዙ፣ ዘይቱ መበስበሱን ያዘገየዋል። ከበዓል በኋላ የሚጠረገው ቄጠማ ግን ወርቅ ነው። ከየቤቱ ሰብስባችሁ በማዳበሪያ ከረጢት አስቀምጡት፤ በሁዳዴ እርጥቡ ሲበዛ ትፈልጉታላችሁ።

ክምሩ አንድ ሜትር ሳይደርስ በደንብ አይሞቅም፣ በተለይ በኅዳርና በታኅሣሥ ብርድ። ሙቀቱን ለማየት ፌሮውን እስከ መሐሉ ስደዱና አሥር ደቂቃ ቆይታችሁ አውጡት። ጫፉን በእጅ ይዞ መቆየት ካስቸገረ ጥሩ ነው። ከቀዘቀዘ ደርቋል ወይም አየር አጥሮታል። እርጥበቱን ለማወቅ በጓንት እፍኝ ይዛችሁ ጭመቁ። አንድ ሁለት ጠብታ ከወጣ ልክ ነው። ከፈሰሰ ወይም ከገማ ደረቅ ጨምሩና አገላብጡ።

የመጀመሪያውን ወር በየሳምንቱ፣ ከዚያ በየሁለት ሳምንቱ ወደሚቀጥለው ሳጥን አገላብጡት። በክረምት በቆርቆሮ ክደኑ፤ ላስቲክ አትጠቅልሉበት።

መድረሱን ማወቅ

ከሦስት እስከ አራት ወር ይወስዳል፣ ክረምት ላይ ይዘገያል። ሲደርስ ይጠቁራል፣ ሙቀቱ ይጠፋል፣ ዝናብ የነካው አፈር ይሸታል። በአሸዋ ወንፊት ንፉት፤ ያልደቀቀው ወደ አዲሱ ክምር ይመለስ። ለጎመንና ለቆስጣ አንድ እጅ ኮምፖስት ከሦስት እጅ አፈር ጋር ቀላቅሉ።

ከማከፋፈላችሁ በፊት ግን ሞክሩት፣ ያልበሰለ ኮምፖስት ችግኝ ያቃጥላል። ትንሽ በጣሳ አድርጋችሁ ፌጦ ዝሩበት፣ በሌላ ጣሳ ደግሞ ተራ አፈር ላይ ዝሩ። ፌጦ በጥቂት ቀን ይበቅላል። ኮምፖስቱ ላይ ያለው ከቀረ ወይም ቢጫ ከሆነ መልሳችሁ ከምሩትና ሌላ ሦስት ሳምንት ጠብቁ።