ቤት ውስጥ ካሜራ ሲገጠም ሊወገዱ የሚገቡ ስህተቶች

በዋይፋይ የሚሠሩ ትንንሽ ካሜራዎች ገበያ ላይ ከበዙ ወዲህ፣ በአዲስ አበባ ብዙ ወላጆች ልጃቸውንና ንብረታቸውን ከሥራ ቦታቸው ሆነው በስልክ ይከታተላሉ። ጥቅሙ አይካድም፤ ነገር ግን ካሜራው ከሌባው ይልቅ የቤተሰቡን ገመና አዘውትሮ እንደሚያይ የሚታሰበው ብዙ ጊዜ ከተገጠመ በኋላ ነው።

የመጀመሪያው ስህተት ከፋብሪካ የመጣውን የይለፍ ቃል ሳይቀይሩ መተው ነው። እ.ኤ.አ. በ2016 ሚራይ የተባለው ጎጂ ሶፍትዌር በዓለም ዙሪያ እጅግ ብዙ ካሜራዎችንና ራውተሮችን የተቆጣጠረው፣ 60 ያህል የታወቁ የፋብሪካ መግቢያ ስሞችንና የይለፍ ቃሎችን ተራ በተራ በመሞከር ነበር። ከዚህ የቀረበ አደጋም አለ፤ ገጣሚው ባለሙያ ሥራውን ለማፋጠን የካሜራው ምስል የሚታይበትን አካውንት በራሱ ስልክ ከፍቶ ሊሄድ ይችላል። ስለዚህ ሒሳብ ከመክፈል በፊት አካውንቱ በባለቤቱ ስልክ ቁጥር መከፈቱን፣ ምስሉን እንዲያይ የተፈቀደለት ሌላ ሰው አለመኖሩንም ማረጋገጥ፣ ከዚያም የይለፍ ቃሉን ራስ መቀየር ያስፈልጋል።

ከሁሉ የሚከብደኝ ግን በቤት ሠራተኞች ላይ የሚፈጸመው ነው። በብዙ ቤት ሠራተኛዋ የራሷ ክፍል ስለሌላት ሳሎን ወይም ማእድ ቤት አንጥፋ ትተኛለች፤ ቀን ለልጁ ደኅንነት ተብሎ የተሰቀለው ካሜራ ሌሊት እሷ ልብሷን ስትቀይር ይቀርጻል። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 26 የተደነገገው የግል ሕይወት የመከበርና የመጠበቅ መብት የእሷም ነው። ካሜራ መኖሩን ገና ስትቀጠር ሊነገራት፣ የምትተኛበት ቦታ ላይ ያለውም በመኝታ ሰዓት ሊጠፋ ይገባል። ብዙዎቹ ካሜራዎች ድምፅም ስለሚቀዱ፣ ከእናቷ ጋር በስልክ የምታወራው እንዳይቀረጽ ማይክሮፎኑን መዝጋት ተገቢ ነው።

ውጭ አገር የሚኖሩ ልጆች ለአረጋውያን ወላጆቻቸው ካሜራ ሲያስገጥሙም፣ ከፍቅር የተነሣ ቢሆንም፣ ፈቃድ መጠየቅ ይዘነጋል። እናት ጸሎት የሚያደርሱበትና ጎረቤት ጠርተው ቡና የሚያፈሉበት ቦታ የት እንደሆነ የሚያውቁት እሳቸው ናቸውና፣ ካሜራው የሚያይበትን አቅጣጫ እሳቸው ይምረጡ።

በኮንዶሚኒየም ደግሞ የበር ካሜራ ፊት ለፊት ያለውን የጎረቤት በር እንዳያይ ማዘንበል ይገባል። አሮጌውን ካሜራ ከመሸጥ በፊትም ከአካውንቱ ማስወገድና ሚሞሪ ካርዱን አውጥቶ ማስቀረት አይዘንጋ።