የስንብት ደብዳቤ ከደረሳችሁ፣ ሽማግሌውም ይሂድ ይግባኙም ይግባ

ደሴ ውስጥ ጠበቃ ነኝ። የመንግሥት ሠራተኛ በዲሲፕሊን ተቀጥቶ ወደ እኔ ሲመጣ፣ ብዙ ጊዜ የይግባኙ ቀን ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው ነው። የት ቆየህ ስለው "ሽማግሌ ልኬ ነበር" ይለኛል። ወሎ ውስጥ ነገር በሽማግሌ ይበርዳል፤ እኔም ደስ ይለኛል። ግን ኃላፊው "እስቲ ላስብበት" እያለ ሲያቆያችሁ ቀኑ መቁጠሩን አያቆምም። ስለዚህ ሁለቱንም በአንድ ጊዜ አስኪዱ። ደብዳቤውን ስትቀበሉም የተቀበላችሁበትን ቀን ጽፋችሁ ፈርሙ።

ቀጥሎ የትኛው ሕግ እንደሚገዛችሁ ለዩ። የወረዳ ጽሕፈት ቤት ባለሙያ ወይም የጤና ጣቢያ ነርስ የሚዳኘው በአማራ ክልል የመንግሥት ሠራተኞች ሕግ ነው። የወሎ ዩኒቨርሲቲ የአስተዳደር ሠራተኛ ግን ቢሮው ደሴ ቢሆንም የፌዴራል ሠራተኛ ነው። ንግድ ባንክ ወይም ቴሌ የሚሠራ ደግሞ ጭራሽ መንገዱ ሌላ ነው። እሱን የሚገዛው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። ወደ ሥራ ልመለስ የሚለውን ክሱን በ3 ወር ውስጥ ለመደበኛው ፍርድ ቤት ያቀርባል።

የመንግሥት ሠራተኛው መጀመሪያ የሚሄደው ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት፣ ማለትም የመንግሥት ሠራተኞችን ይግባኝ ወደሚያየው አካል ነው። በቀጥታ መደበኛ ፍርድ ቤት ክስ ከከፈተ "ሥልጣን የለኝም" ተብሎ ይመለሳል፣ ያኔ ጊዜውም ገንዘቡም ባክኗል። መደበኛው ፍርድ ቤት የሚመጣው በይግባኝ ነው። በፌዴራሉ ሕግ ደግሞ ያ ይግባኝ የሚታየው በሕግ ስህተት ላይ ብቻ ነው። ምስክራችሁንና ሰነዳችሁን በሙሉ አስተዳደር ፍርድ ቤት ላይ ጨርሱት፤ "በኋላ አቀርበዋለሁ" የምትሉት ነገር አይኑር።

አሁን ዋናው፣ አቤቱታው። ብዙው ሰው "የልጆች እናት ነኝ፣ ብዙ ዓመት አገልግያለሁ" ብሎ ይጽፋል። እውነት ነው፣ ያሳዝናልም። ውሳኔ የሚያሽረው ግን ሌላ ነው። ክሱ በጽሑፍ ደርሷችኋል? መልስ ለመስጠት በቂ ጊዜ አግኝታችኋል? ምስክሮቹ ሲሰሙ ነበራችሁ፣ መስቀለኛ ጥያቄስ ጠየቃችሁ? ከሳሹ ራሱ የዲሲፕሊን ኮሚቴው ውስጥ ተቀምጦ ነበር? ቅጣቱ ከጥፋቱ ጋር ይመጣጠናል? ከኮሚቴው ቃለ ጉባኤ ጋር አስተያይታችሁ፣ የጎደለውን በቀንና በገጽ ጥቀሱ። አንዲት ደንበኛዬ ከሥራ በመቅረት ተከሳ ተሰናበተች። መቅረቷን አልካደችም። ታማ ነበር፣ የሐኪም ወረቀቷንም ኮሚቴው ሳይቀበላት ወሰነ። አቤቱታዋን የጻፍነው በዚያች ወረቀት ዙሪያ ነው፤ ወደ ሥራዋ ተመለሰች። እንዲህ ያለ ሰው ሥራውን ሲያጣ ቤተሰብ ነው አብሮ የሚወድቀው። ለዚህ ነው ሥነ ሥርዓቱን እንዲህ የምጨቀጭቃችሁ።

በወንጀል ተከስሳችሁ ነፃ ብትወጡም የዲሲፕሊኑ ጉዳይ አብሮ አይሞትም። ሁለቱ ለየብቻ ነው የሚታዩት። የነፃ መውጫ ፍርዱን በማስረጃነት አያይዙ፤ ይግባኙን ግን እሱን ስትጠብቁ እንዳታሳልፉ።

ማኅደራችሁን ነገር አደራ። በ2014ቱ ጦርነት ደሴና አካባቢው ስንት መሥሪያ ቤት ተዘርፎ ሰነዱ እንደጠፋ እናንተም ታውቃላችሁ። "ፋይሏ የለም" የሚል መልስ ዛሬም ይሰጣል። የቅጥር ደብዳቤ፣ የሥራ አፈጻጸም ውጤት፣ የፈቃድ ወረቀት፣ ሁሉንም ኮፒ አድርጋችሁ ቤታችሁ አስቀምጡ። በስልካችሁም ፎቶ አንሱ። ማመልከቻ ስታስገቡ መዝገብ ቤት በሁለተኛው ኮፒ ላይ ማኅተምና ቀን ይምታላችሁ። አልመታም ካለ በሪኮማንዴ ፖስታ ላኩትና ደረሰኙን ያዙ።

የአስተዳደር ፍርድ ቤቱ ውሳኔ በተነበበ ዕለት ግልባጩን በጽሑፍ ጠይቁ። ግልባጩ ሲደርሳችሁ ጀርባው ላይ የተቀበላችሁበትን ቀን ጻፉና በማግሥቱ ጠበቃ ዘንድ ይዛችሁት ሂዱ።